በአውራ ጣቴ የወለድኩት ልጅ

ቆሰበር ከተማ ላይ ቤት ያላት ሴት ከጣሪያዋ ጋር እንደተጣላች ነው የምትኖረው። ዝናቡ አንዴ ከጀመረ እስከ መስቀል አይለቅም። ቆርቆሮው ይዝጋል፣ ምስማሩ ይላወሳል፤ ባልየው በሕይወት ከሌለ ደግሞ የሚወጣበት ሰው አይገኝም። ያን ልጅ ቤቴ ያስገባው ይኸው ጣሪያ ነው።

ክፍል ሊከራይ ነበር የመጣው። መምህር ነኝ አለኝ፤ አገሩ ዳንግላ፣ ከከተማው ወጣ ያለ ገጠር። ጓሮ ያለችውን አንዲት ክፍል ከፍቼ ሳሳየው መሀል ወለል ላይ ባልዲ ተደቅኖ አየ።

«ይሄ ምንድን ነው እትዬ?»

«የጣሪያው ፍሳሽ ነዋ።»

«መሰላል አለዎት?»

ስለ ኪራዩ እንኳ ሳንነጋገር ኮቱን አውልቆ ወጣ። ልጄ ከሥር ሆና ምስማር ታቀብለው ጀመር። እኔ በር ላይ ቆሜ «ወይ ጉድ፣ እንዲህ ያለም ወጣት አለ» እያልኩ መዶሻውን አያለሁ። ዓይኔ መዶሻው ላይ ነበር። ምስማሩን ስትሰጠው እጇ ምን ያህል እንደሚቆይ አላየሁም።

እኔ ፈሪ ሴት ነኝ። ከሦስተኛ ክፍል ወዲያ ትምህርት አላየሁም፤ ፍርሃት ግን ማንም ሳያስተምረኝ እስከ መጨረሻው ደርሻለሁ። ባሌ ከሞተ ወዲህ ገበያ ላይ ማርና ቅቤ እየሸጥኩ አንዲት ልጄን አስተማርኩ። ዩኒቨርሲቲ ጨርሳ መጣች፤ ሥራ ሲጠፋ ፎቶ ኮፒ ቤት ተቀጠረች። እኔ ደግሞ ልጅቱ ክፉ ደጉን ሳትለይ ጀምሬ ወንድ ማለት ምን እንደሆነ ስነግራት ነው የኖርኩት። አንዷ በስልክ የተዋወቀችው ሰው አዲስ አበባ ድረስ ጠርቷት፣ መናኸሪያ ስትደርስ ስልኩን ዘጋባት። ሌላዋ ከተከራይ አረገዘች፣ ተከራዩ ፍራሹን እንኳ ሳይወስድ ጠፋ። ገበያ ላይ የሰማሁትን ሁሉ ወደ ቤት ይዤ እገባለሁ። እሷ ዝም ብላ ትሰማኛለች። ዝምታዋን መስማማት ነው ብዬ ወሰድኩት።

በእኛ ጊዜ ወንድ ሴት ሲፈልግ ከሷ ቀድሞ ጎረቤት ያውቃል። ገበያ ላይ ያያታል፣ ዘመዷን ይጠይቃል፣ በአጥሯ በኩል ሲያልፍ ውሻ ይጮኽበታል። የአሁኑ ፍቅር ውሻም አይጮኽበት። በስልክ ይገባል፣ በስልክ ይወጣል። ልጄ አጠገቤ እራት እየበላች ስልኳ «ጭው» ይላል፤ ትንሽ ቆይቶ ከግድግዳው ማዶ፣ ከጓሮው ክፍል፣ ሌላ «ጭው» ይሰማል። ልጄ ስልኳን አይታ ፈገግ ትላለች። እኔ ደግሞ ያን ፈገግታ እያየሁ የሆነ ሩቅ ያለ፣ ፊቱን የማላውቀው ወንድ መጥቶ ልጄን ሊወስድብኝ ነው እላለሁ።

ጎረቤቴ ናት መጀመሪያ የሳቀችብኝ።

«እቴ፣ አንቺ ቤት ጫጩት ገባ እንዴ? ከዚህም ጭው፣ ከዚያም ጭው!»

«እሷ ከጓደኞቿ ጋር ነው የምትጻጻፈው። እሱም ዳንግላ የሚያስባት ትኖረዋለች።»

«ዳንግላ!» አለችና አፏን በነጠላዋ ጫፍ ያዘች። «ስሚ አንቺ ሴት፤ የደረሰች ልጅና ላጤ ወንድ በአንድ ግቢ እሳትና ጭድ ነው። እስካሁን ምንም ባይኖር እንኳ ነገ ይኖራል። ወይ አስወጪው፣ ወይ ልጅሽ አድርጊው።»

ማስወጣቱን አልቻልኩም። ጣሪያዬን ያደሰ፣ ውኃ በጠፋ ጊዜ ጀሪካን ተሸክሞ የሚመጣ፣ ሲመሽ ቅቤዬን ከገበያ በጋሪ ጭኖ የሚያስገባልኝ ልጅ ነው። እናቱ በሕፃንነቱ ሞታበታለች። አንድ ቀን «ፊቷን አላስታውሰውም፤ የማስታውሰው የቀሚሷን ጥለት ነው» ሲለኝ ከፊቴ ያለውን እንጀራ ወደሱ ገፋሁለት። ስለዚህ ሁለተኛውን ያዝኩ። ብልህ የሆንኩ መሰለኝ። ልጁንም አላጣም፣ በሩንም እዘጋለሁ።

ለማያውቅ ሰው ልንገር። በእኛ አገር እናት የሌለው ሰው፣ ወይም ከባዕድ ጋር መዛመድ የፈለገ ሰው፣ የጡት ልጅ ይሆናል። እናት የምትሆነው ሴት አውራ ጣቷን ማር ትቀባና በሽማግሌ ፊት ትሰጠዋለች፤ እሱም ይጠባል። ከዚያ ወዲያ ልጅ ነው። ስትታመም ያስታምማል፣ ስትሞት ይቀብራል። ልጆቿ ወንድምና እህቱ ናቸው፤ መካካድ የለም፣ መጋባትማ ጨርሶ አይታሰብም። የፈለግሁትም ይህንኑ ነበር። ሥጋት የሌለበት ወንድ። ማሩም ቢሆን ከራሴ ማሰሮ ነው።

ነገሩን ያነሳሁለት ልብሱን እያሰጣ ሳለ ነው።

«እናት ልሁንህ?»

ሳቀ። «አሁንም እኮ ነዎት።»

«እንዲያ አይደለም። በወግ ነው የምልህ፤ በማር።»

የያዘውን ሸሚዝ ገመዱ ላይ ሳይዘረጋ ቆመ። ውኃው ጫማው ላይ ይንጠባጠባል።

«እትዬ… ትንሽ ላስብበት?»

«እናት ማግኘት ምን ያሳስባል?» አልኩት፤ እንደ መኮሳተር ብዬ። «እምቢ ካልክማ ሌላ ነገር አስበሃል ማለት ነው።»

ይህን ስናገር ፊቱን አየሁት። የፈራ ሰው ፊት ነበር። እንደኔ ያለች ፈሪ ሴት ፍርሃት ስታይ መለየት ነበረባት፤ አልለየሁም። ያፈረ መሰለኝ። በመጨረሻ «እንዳሉ ይሁን» አለኝ። ከዚያ በኋላ አንድ የገበያ ቀን ማር የምሸጥበት ድረስ መጥቶ ዙሪያዬን ሲዞር ዋለ። «አንድ ነገር ልነግርዎት ነበር» አለኝ። ደንበኛ ከቦኝ ነበርና «ጣሪያውን ከሆነ ዝናቡ ሲያባራ ይደርሳል» ብዬ መለስኩት። ቆም አለና «እሺ፣ ይደርሳል» ብሎ ሄደ።

ያጠባሁት ዘንገና ሐይቅ አጠገብ፣ የባሌ አጎት ቤት ነው። ሽማግሌው ዓይናቸው ቢደክምም አንደበታቸው ስለት ነው፤ የልባቸውን በአገውኛ፣ የወጉን በአማርኛ ይናገራሉ። ጎረቤቴም መጣች። ልጄ ዳቦውን በመሶብ ይዛ ከኋላችን ስትጎተት «ምነው፣ እግርሽን አመመሽ?» አልኳት። «ጭቃው ነው» አለች።

ማሩን ቀባሁ። ተንበርክኮ ጣቴን በአፉ ተቀበለ። እንዴት ብዬ ልናገረው? ጡት ያጠባች ሴት ታውቀዋለች። የምር ልጅ ሆነብኝ። በማታለል የጀመርኩት ነገር ጣቴ አፉ ውስጥ ሲገባ እውነት ሆነ።

ሽማግሌው በከዘራቸው መሬቱን መታ መታ አደረጉ።

«በል አንተ፣ ይህች ሴት ማን ናት?»

«እናቴ።»

«ስትታመም?»

«አስታምማለሁ።»

«ስትሞት?»

«እቀብራለሁ።»

«ያችኛዋስ?» ከዘራው ወደ በሩ ዞረ። ልጄ መሶቡን ታቅፋ ቆማለች።

ልጁ የአፉን ጫፍ በእጁ ጀርባ ጠረገ።

«ምነው፣ ማሩ አፍህን አጣበቀው?» አሉ ሽማግሌው፤ ሰው ሁሉ ሳቀ።

«እህቴ ናት» አለ። እንባው በጉንጩ ወረደ።

«እናቱ ትዝ ብላው ነው፣ የኔ ምስኪን» ብላ ጎረቤቴ ከንፈሯን መጠጠች። እኔም አብሬው አለቀስኩ። ልጄ መሶቡን መሬት አስቀመጠችና «ውኃ ልቅዳ» ብላ ወጣች። ውኃ የሞላ እንስራ እዚያው በሩ ጎን ነበር።

በባጃጅ ስንመለስ እኔ መሀል፣ እነሱ ግራና ቀኝ ሆንን። በሁለቱም ጉልበት ላይ እጄን አሳርፌ «ዛሬ ገና ሙሉ ሰው ሆንኩ» አልኩ። የመለሰልኝ ሹፌሩ ብቻ ነው፤ «እንኳን ደስ አለዎት እማማ» አለኝ።

ከዚያ በኋላ የቤቴ ጫጩቶች ዝም አሉ። ልጄ ስልኳን ገልብጣ አስቀምጣ ነው የምትበላው። እኔ ለዚህም እግዜርን አመሰገንኩ፤ ከዚያ ከማላውቀው ወንድ ጋር ተጣላች ማለት ነው አልኩ። ከሳች። ሐኪም ቤት እንሂድ ስላት ፊቷን አዞረች። ልጁም «ለትምህርት ቤቱ የሚቀርብ ክፍል አገኘሁ እማማ» ብሎ ወጣ። ክረምቱን ዳንግላ አባቱ ዘንድ ከረመ። በየሳምንቱ ግን ይደውልልኛል፤ ኔትወርክ ከጠፋ ሰው ይልክልኛል። እንደ ቃሉ ልጅ ነው።

ሽማግሌዎቹ የመጡት ከመስቀል በኋላ ነው። ሦስት ናቸው፤ ከመናኸሪያው ጭቃውን እየረገጡ መጥተው ደጄ ላይ «ቤቶች!» አሉ።

«እንዴት ዋላችሁ አባቶቼ፣ ግቡ፣ አረፍ በሉ።»

«አንቀመጥም» አለ ጃንጥላ የያዘው። «የመጣንበት ሳይሰማ መቀመጥ የለም።»

ገባኝ። ልዋሽ አልችልም፤ ደስታ ነው የተሰማኝ። በዚህ በስልክ ዘመን ሽማግሌ የሚልክ ወንድ ተገኘ! ያን ሁሉ ዓመት የፈራሁት ሰው ይኸው በፊት በር፣ በወግ፣ ባርኔጣውን አውልቆ ገባ ማለት ነው። ልጄ ጓዳ ነበረች፤ የጓዳው መጋረጃ ሲነቃነቅ አየሁ።

ትልቁ ሽማግሌ ጉሮሮውን ጠረገ። «ልጃችን ልጅሽን ወዷታል። እሷም እንደማትጠላው ሰምተናል። አባቱ ከክረምት በፊት ነው የነገረን፤ አዝመራው ይታይና ብለን ነው የቆየነው። ዘር ቆጥረናል። ባንቺም ወገን በሟቹም ወገን ጠይቀናል፤ እስከ ሰባት ቤት የሚያገናኝ ደም የለም።»

«የማን ልጅ ነው?»

«ታውቂዋለሽ፤ እዚሁ ጓሮሽ ነበር። መምህሩ።»

የበሩን መቃን ያዝኩ። «እሱማ ልጄ ነው» አልኩ።

ባለ ጃንጥላው ፈነደቀ። «ይኸው! ካሁኑ ልጄ አለች! በሉ ተቀመጡ ጎበዝ፣ አለቀ!»

«አይደለም አባቴ። አጥብቼዋለሁ።»

ጃንጥላው ከእጁ ወደቀ።

«በማር?» አለ ትልቁ።

«በማር።»

«በሽማግሌ ፊት?»

«በሽማግሌ ፊት።»

ትልቁ ሰውዬ ጃንጥላውን ከመሬት አንስቶ ለባለቤቱ ሰጠ። ቢሰድበኝ ይሻለኝ ነበር። ሳይቀመጡ ዞሩ። በሩን ሲወጡ ለጓደኞቹ «እኛ ሰባት ቤት ቆጥረን መጣን፤ ይህች አንደኛው ቤት ላይ ዘግታዋለች» ሲል ሰማሁት።

ልጄ ከጓዳ ወጣች። አላለቀሰችም። ጎንበስ ብላ ሽማግሌዎቹ ያስገቡትን ጭቃ መጥረግ ጀመረች።

«ለምን አልነገርሽኝም?» አልኳት።

«ምን ብዬ?»

«እወደዋለሁ ብለሽ ነዋ!»

«ብልሽ ኖሮ በነጋታው ዕቃው በር ላይ ነበር። እማ፣ አንቺኮ አንድም ቀን ደህና ወንድ ያገኘች ልጅ ታሪክ ነግረሽኝ አታውቂም።»

«እዚያ ሽማግሌው ቤት እንኳ…»

«እዚያ ቤት እምቢ ይላል ብዬ ጠበቅሁ። እሱ ደግሞ እኔ እንድጮህ ጠበቀ። ሁለታችንም አንቺን ፈራን።» መጥረጊያውን ግድግዳው ላይ አስደገፈችው። «አንቺ ያስተማርሽኝን ነው ያደረግሁት፤ ፈራሁ።»

ልጁ ለመስቀል በሄደበት ዳንግላ ሆኖ ስልኬን ሲያነሳ ድምፁ የሌላ ሰው ነበር። «አባቴ ሲልካቸው ዝም አልኩ» አለኝ። «ማስቆም እችል ነበር። ምናልባት እርስዎ ዝምድናውን በሽማግሌ ፊት ይፈቱት ይሆናል ብዬ ነው እማማ።»

እኔም ልፈታው ሞከርኩ። ቄሱ ዘንድ ሄድኩ። «በእኛ መጽሐፍ የማር ዝምድና የሚባል አላየሁም፤ ከማግባት አይከለክላቸውም። ግን ከሕዝቡ መሀል የምትኖሩት እናንተ ናችሁ፤ እኔ ስለ ሕዝቡ አልናገርም» አሉኝ። ዘንገና ወረድኩ። ሽማግሌው ነገሩን ሰምተው መጀመሪያ በአገውኛ ለራሳቸው ብዙ አጉረመረሙ። ከዚያ በአማርኛ፦ «የፈታ ሰው አላየሁም። ቢፈታስ፣ ልጅ ቢወልዱ አንቺ ለዚያ ሕፃን ምኑ ነሽ? በአባቱም አያት፣ በእናቱም አያት?» አሉኝ። ተመልሼ ስወጣ ያ እንስራ አሁንም እዚያው በሩ ጎን ተቀምጦ አየሁት።

ልጄ ግን ከሁለቱ መልስ የያዘችው የቄሱን ነው።

«ቤተ ክርስቲያን ካልከለከለች የቀረሽው አንቺ ነሽ» አለችኝ። ከፊት ለፊቴ በርጩማ ላይ ተቀምጣ እንደ ሕፃን ዘመኗ ሁለት እጇን ጉልበቴ ላይ አደረገች። «ሕዝቡ ያውራ፤ አገር ሰፊ ነው፣ ባሕር ዳር እንኖራለን። አንድ ቃል ብቻ በይኝ። ‹ይሁን› በይኝ።»

ልላት ፈለግሁ። እግዜር ያውቃል። አፌን ከፈትኩ። ግን እሱን ከእሷ ጋር በአንድ አልጋ ሳስብ ሰውነቴ ተኮማተረ፤ ልጄ ከልጄ ጋር። አፌን መልሼ ዘጋሁት። ሰዎች ግትር ናት፣ ወግ አጥባቂ ናት ይሉኛል። ወጉንስ አሽቀንጥሬ በጣልኩት። ያልቻልኩት ጣቴን ነው። የጠባኝን ልጅ አማች ብዬ መጥራት አልቻልኩም፤ የማልችል መሆኔንም ሳላውቅ ነው ያጠባሁት።

ልጄ ከጉልበቴ ላይ እጇን ቀስ ብላ አነሳች። «ገባኝ እማ» አለች። መንገድ ክፍት በሆነ ቀን ሚኒባስ ተሳፍራ ባሕር ዳር ወረደች። አሁን እዚያው ትሠራለች። ሌላ ወንድ አላየችም፤ ባየችም እንኳ አትነግረኝም። በዓል ሲደርስ «ነይ» ስላት «እሱ ይመጣል?» ትለኛለች። ይመጣላ፣ ልጅ ነው። ስለዚህ እሷ ትቀራለች። እሱም አላገባም። በግ እየጎተተ ይመጣል፣ ወግ ያውቃል፣ እግሬን ሊያጥብ ሲል እከለክለዋለሁ። ተቀምጦ ይበላል፤ ስሟን አያነሳም። ዓይኑ ግን የጓዳው መጋረጃ ላይ ነው። አንድ ቤት ውስጥ ሁለት ልጅ እንዲኖረኝ ብዬ፣ ሁለቱ አንድ ቀን እንኳ አብረው የማይቀመጡበት ቤት ሠራሁ። ማሩን አሁንም እሸጣለሁ፤ ሌላ የማውቀው ሥራ የለም። ደንበኛ «አቅምሺኝ» ሲለኝ በጣቴ ሳይሆን በእንጨት ጫፍ ነው የማቀምሰው።

በዚህ ክረምት ጣሪያው እንደገና ፈሰሰ። ልጁ ሰምቶ ከዳንግላ መጣ። መሰላሉን አቁሞ ወጣ፤ ምስማር የሚያቀብለው ሰው ስለሌለ በአፉ ይዞ ይመታል። እኔ ቤት ውስጥ ባልዲውን ሳነሳ ስልኬ ጮኸ። ልጄ ናት።

«እማ፣ እንዴት ዋልሽ? እሱ አለ?»

አለ ካልኳት እንደምትዘጋው አውቃለሁ። ድምፅዋ ናፍቆኛል።

«የለም» አልኳት።

ከጣሪያው ላይ መዶሻው ተሰማ። ጧ፣ ጧ፣ ጧ።

ስልኩን በነጠላዬ ልሸፍነው ስል እጄ እምቢ አለኝ። እሱ ምንም አያውቅም፤ ይመታል፣ ያርፋል፣ ሌላ ምስማር ከአፉ ያወጣል፣ ይመታል። ትዘጋዋለች ብዬ ጠበቅሁ። አልዘጋችውም። ትንፋሿ ይሰማኛል። ስልኩን ከጆሮዬ አውርጄ በሁለት እጄ ይዤ፣ ክንዴ እስኪዝል ድረስ ወደ ቆርቆሮው ከፍ አደረግሁት።

የመጨረሻውን ምስማር መትቶ መሰላሉን ሲወርድ ስልኩን ወደ ጆሮዬ መለስኩ። ዘግታዋለች።

«እማማ፣ አሁን አይፈስም» አለኝ፤ እጁን እያራገፈ በር ላይ ቆሞ። «ምነው፣ ማን ደወለ?»

«ተሳስተው ነው» አልኩት።